ዴቪድ ሎው እና የደሴ ሰማይ፦ ካርቱን እንደ ታሪክ ምንጭ



ኅዳር 26 ቀን 1928 ዓ.ም. የጣሊያን አውሮፕላኖች ደሴን ደበደቡ። ንጉሠ ነገሥቱ በዚያን ጊዜ ከተማዋን የጦር ጠቅላይ ሰፈር አድርገዋት ነበር። የቀይ መስቀል ምልክት ያለበት ሆስፒታል ሳይቀር ተመታ፤ ሐኪሞቹም አቤቱታቸውን ለመንግሥታት ማኅበር ላኩ። ዛሬ የምናገረው ግን በዚያው ወቅት ለንደን ተቀምጦ ይህንኑ ጦርነት በብዕሩ ይዋጋ ስለነበረ አንድ የካርቱን ሠዓሊ ነው።

ዴቪድ ሎው እ.ኤ.አ. በ1891 በኒውዚላንድ፣ በደኒዲን ከተማ ተወለደ። ሥዕሎቹ ገና በልጅነቱ በአገሩ ጋዜጦች ታትመዋል። በ1911 ወደ አውስትራሊያ ተሻግሮ «ቡለቲን» ለተባለው ሳምንታዊ መጽሔት ሠራ፤ በጠቅላይ ሚኒስትሩ በቢሊ ሂውዝ ላይ የሣለው የፌዝ መጽሐፍም ስሙን አስጠራለት። በ1919 ለንደን ገባ። በ1927 ወደ «ኢቭኒንግ ስታንዳርድ» ጋዜጣ ሲዛወር የፈረመው ውል የርእሰ ጉዳይ ምርጫን ለራሱ የሚተው ነበር። የጋዜጣው ባለቤት ሎርድ ቢቨርብሩክ ወግ አጥባቂ፣ ሎው ደግሞ ለግራው ፖለቲካ የሚያደላ ነበርና ይህ ነፃነት ቀላል ነገር አልነበረም።

ጣሊያን አገራችንን በወረረች ማግስት ሎው ሙሶሊኒን «ክዳኑን የከፈተው ሰው» በሚል ርእስ ሣለው። የርእሱ ፍርድ ግልጽ ነው፤ ኢትዮጵያ ላይ የተከፈተው ክዳን ተመልሶ አይገጠምም፣ መዘዙም ለአውሮፓ ይተርፋል። ደሴ በተደበደበች በሁለት ቀን ውስጥ የእንግሊዝና የፈረንሳይ ሹማምንት፣ ሆርና ላቫል፣ የኢትዮጵያን ሰፊ ግዛት ለሙሶሊኒ የሚያስረክብ ዕቅድ ተስማሙ። የሕዝብ ቁጣ ሆርን ከሥልጣን አስወረደው።

በጣሊያን በኩልም ብዕር ሥራ አልፈታም። በቀልድ መጽሔቶች ይሠራ የነበረው ኤንሪኮ ዴ ሴታ ለወታደሮች ፖስታ ካርዶችን ሣለ። በአንዱ ላይ ወታደሩ ኢትዮጵያውያንን እንደ ነፍሳት መድኃኒት ይረጫቸዋል። የመርዝ ጋዙን ወንጀል ፖስታ ካርዱ ወደ ሣቅ ለወጠው። ስለዚህ ካርቱን በባሕርዩ የግፉዓን ወገን ነው ማለት አንችልም፤ ወገኑን የሚወስነው ብዕሩን የያዘው ሰው ነው።

የሎው ነፃነትም ተፈትኗል። በ1937 ሎርድ ሃሊፋክስ ከጀርመን ጉብኝት ሲመለሱ ሥዕሎቹን እንዲያለዝብ ተጠየቀ። ሎው ለጊዜው ሂትለርን በስሙ መሣል ትቶ፣ የሂትለርንና የሙሶሊኒን መልክ ያዋሐደ «መዝለር» የተባለ ገጸ ባሕርይ ፈጠረ። ጀርመን ኦስትሪያን ስትይዝ ግን ወደ ቀድሞ ብዕሩ ተመለሰ። ናዚዎች እንግሊዝን ሲይዙ ሊያስሯቸው ባዘጋጁት የስም ዝርዝር ውስጥም ገባ። በ1962 የ«ሰር» ማዕረግ ተሰጠው፤ በ1963 አረፈ።

ይህን ሁሉ አድንቀን አንድ ጥያቄ ማንሳት ግን ይገባናል። ካርቱን ኃያላንን ይከሳል፤ ለመክሰስም የሚሥለው እነርሱኑ ነው። ሙሶሊኒን አገጩን አሹሎ፣ ደረቱን ነፍቶ እናየዋለን፤ ቦምቡ የወረደባትን የደሴ ቤት ግን አናይም። ለለንደን አንባቢ ኢትዮጵያ በይበልጥ የአውሮፓ ሕሊና መፈተኛ ነበረች። ለደሴ ሰው ግን ጦርነቱ የራሱ ጣሪያ፣ የራሱ ልጅ ጉዳይ ነበር። በሚያዝያ 1933 ዓ.ም. የደቡብ አፍሪካ ጦርና አርበኞች በኮምቦልቻ በኩል ተዋግተው ደሴን ሲያስለቅቁም፣ ያን ቀን በዓይኑ ያየው የዚሁ አገር ሰው ነው።

እንግዲህ ለታሪክ ተማሪዎች የምለው ይህ ነው፤ አንድ ካርቱን ስታገኙ የሣለው ማን እንደሆነ፣ ማን እንዳሳተመውና ለማን እንደታተመ ጠይቁ። ቀጥሎም ከሥዕሉ ውጭ የቀረው ማን እንደሆነ ጠይቁ። ለመጀመሪያዎቹ ጥያቄዎች መልሱ በለንደን መዛግብት ይገኛል። የመጨረሻው መልስ ግን ከአይጠየፍ አዳራሽ እስከ ኮምቦልቻ ሜዳ ባሉ ቤተሰቦች ትዝታና ወረቀት ውስጥ ነው፤ እርሱን ሳይጠፋ መሰብሰብ የእናንተ ፈንታ ነው።