«በነጻ» ሲባል

«ተከሳሹ በነጻ ይሰናበት» የሚለው ቃል በንፋስ ስልክ ላፍቶ ምድብ ችሎትም ይሰማል። «ነጻ» ከግእዙ «ነጽሐ» ይወለዳል፤ የ«ንጹሕ» ወንድም ነው። ስለዚህ «ቡዳ» ተብሎ የተደበደበ ቀጥቃጭ ስለ ደብዳቢው ይህን ሲሰማ የጋቢውን ጫፍ በጣቱ እየጠቀለለ አንገቱን ደፍቶ ይወጣል። ነገሩ ሁሉ ያለቀ ይመስለዋል።

አላለቀም። ቃሉ ብዙ ጊዜ የሚናገረው ማስረጃው በዚያ ችሎት ፊት አለመብቃቱን ነው። የ1954ቱ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 185 ዐቃቤ ሕግ በነጻ መለቀቅ ላይም ይግባኝ እንዲል ይፈቅዳል። እርግጥ ውሳኔው እስካልተሻረ ድረስ ተከሳሹ ነጻ ሰው ነው፤ ይህም ሊከበር ይገባል። ነገር ግን አፄ ምኒልክ ባለሙያን በሥራው መስደብን በ1900 ዓ.ም. በአዋጅ ቢከለክሉም ስድቡ ዛሬም በየሰፈሩ አለ፤ ክልከላ ብቻውን አይበቃምና ተበዳዩ ዐቃቤ ሕጉን በዚያው ዕለት ይጠይቅ፦ «ይግባኝ ይላሉ ወይ?» የይግባኝ ማስታወቂያው ማቅረቢያ ጊዜ 15 ቀን ብቻ ነው።