ጠረጴዛው የማን ነው?

ሮቤ ከተማ አንዲት ሻይ ቤት ተቀምጠን ስለ ግሪኮች ታሪክ ስንከራከር አንዱ ጓደኛችን ጠረጴዛውን በቡጢ መታና፣ «ኧረ እባካችሁ! ለባሌ ልጅ አቴና ምን ይፈይድለታል?» አለ። ሳቅን። የመታው ጠረጴዛ ስሙን ከግሪክኛ እንዳገኘ አላወቀማ! ወንጌል፣ ጳጳስ፣ ዲያቆን የምንላቸውም ቃላት ምንጫቸው ያው ነው። ክርክሩ ግን በሳቅ አላበቃም።

ነገሩ ከሩቅ ይጀምራል። በ1ኛው መቶ ዓመት የቀይ ባሕርን ንግድ የዘገበ ስሙ ያልታወቀ ጸሐፊ፣ የአክሱሙ ገዢ ዞስካሌስ የግሪክ ጽሕፈት አዋቂ እንደነበረ መስክሯል። በ4ኛው መቶ ዓመት ንጉሥ ኢዛና ድሉን በድንጋይ ሲያስቀርጽ በግዕዝና በሳባ ፊደል ብቻ አልተወሰነም፤ በግሪክኛም አስጻፈው። የወርቅ ገንዘቡ ጽሑፍ በአብዛኛው ግሪክኛ ሲሆን፣ በብሩና በመዳቡ ላይ ግን ኋላ ግዕዝ እየገባ መጣ። ወርቁ ለውጭ ነጋዴ፣ መዳቡ ለአገር ገበያ ነበርና። እንግዲህ ግሪክኛ ወደኛ የመጣው በጦር አይደለም፤ በገበያና በመጻሕፍት ነው።

ሁለተኛው ዘመን ቅርብ ነው። በ1909 ዓ.ም. አዲስ አበባ የደረሰው የባቡር ሐዲድ ሲሠራ ከሠራተኞቹ መካከል ግሪኮች ነበሩበት። በድሬዳዋና በአዲስ አበባ ሱቅና ሆቴል ከፈቱ፣ ቡና ነገዱ፣ ትምህርት ቤት አቋቋሙ። በአዲስ አበባ ቤተ ክርስቲያናቸውን የሰየሙት በቅዱስ ፍሬምናጦስ ነው፤ ማለትም በኛው በአባ ሰላማ ከሣቴ ብርሃን! የፊልም አዘጋጁ ኒኮ ፓፓታኪስም በ1910 ዓ.ም. አዲስ አበባ ሲወለድ አባቱ ግሪክ፣ እናቱ ኢትዮጵያዊት ነበሩ። ታዲያ እንዲህ ያለውን ሰው «የውጭ አገር ሰው» ብለን እንዴት እንዘጋዋለን?

አሁን ወደ ከባዱ ጥያቄ እንምጣ። ከ1955 እስከ 1962 ዓ.ም. የባሌ ገበሬ በነዋቆ ጉቱ መሪነት ያመፀው በመሬቱ፣ በግብሩና በደረሰበት በደል ምክንያት ነው። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት ሲታወጅ አያቶቻችን እልል ያሉት በከንቱ አልነበረም። በዚያው ዓመት ሐምሌ ወር ደግሞ የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት ተወረሰ፤ ትልልቅ ድርጅቶችም ወደ መንግሥት ተዛውረው ነበር። ከግሪኮቹ ብዙዎቹ ሻንጣቸውን አሰሩ። እዚሁ ተወልዶ አማርኛ አፉን የፈታበት ልጅ፣ አይቶት ወደማያውቀው «አገሩ» ተሸኘ።

ከመካከላችን አንዳንዱ «ሀብታም ነበሩ፣ ምን ያሳዝናል?» ይላል። ሁሉም ሀብታም አልነበሩም፤ መካኒኩም፣ ባለ ትንሽ ሱቁም ነበረባቸው። እኛ የምንለው የአያቶቻችን እልልታ እውነት ነው፤ የዚያ ልጅ እንባም እውነት ነው። አንዱን ለማክበር ሌላውን መፋቅ የለብንም። የባሌ ሰው ታሪኩን ሌላ ሰው ከሩቅ ሆኖ ሲጽፍለት ምን እንደሚሰማው ያውቃልና፣ ይህን ከማንም በፊት መረዳት ያለብን እኛ ነን።

ስለዚህ ወንድምና እኅቶች፣ ለዕረፍት ስትሄዱ አንድ ሥራ እንስጣችሁ። ጎባ በጠቅላይ ግዛት ዘመን የባሌ ዋና ከተማ ነበረች። ሽማግሌዎቿን «ይህ አሮጌ ሱቅ የማን ነበር? ሰውየውስ የት ሄደ?» ብላችሁ ጠይቁና ጽፋችሁ አምጡልን። ጠረጴዛው እንደሆነ እዚያው ሻይ ቤት ይጠብቀናል።