በጎድን አጥንት ላይ የተቀረጸ ዘፈን

ጠረጴዛ ላይ ሲቀመጥ ተራ ጥቁር ፕላስቲክ ይመስላል። አንስተው በመስኮት ብርሃን ሲያዩት ግን የሰው ደረት ብቅ ይላል፦ በግራና በቀኝ የተደረደሩ ጎድኖች፣ መሀሉ ላይ የአከርካሪ ጥላ፣ ጥላው ላይ ደግሞ በሲጋራ እሳት የተበሳ ቀዳዳ። ጠጋ ብሎ ላስተዋለ፣ ከጎድኖቹ በላይ እንደ ጸጉር የቀጠኑ ክብ መስመሮች ይታያሉ። ዘፈኑ ያለው እነሱ ውስጥ ነው።

የሶቭየቷ ከተማ የሌኒንግራድ ነዋሪዎች «ጎድን» ወይም «አጥንት» ይሉት ነበር። በእኛ አነጋገር የራጅ ሸክላ ነው።

ከተማዋ 872 ቀን ተከባ፣ በረሃብ ልጆቿን ቀብራ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት መውጣቷ ነበር። በ1946 (እ.ኤ.አ.) ስታኒስላቭ ፊሎን የተባለ ሰው ከጀርመን በተማረከ የቴሌፉንከን ማሽን ኔቭስኪ ጎዳና ላይ የድምፅ መቅረጫ ቤት ከፈተ። ለሕጉ ሲባል፣ ደንበኛ ለዘመዱ የሰላምታ ድምፅ የሚያስቀርጽበት ቤት ነው። ሱቁ ሲዘጋ ግን የተከለከለውና በመደብር የማይገኘው ዘፈን ይባዛ ነበር። ሩስላን ቦጎስሎቭስኪ የሚባል ወጣት ከዚያ ደጅ አይጠፋም። ማሽኑን አጥንቶ ንድፉን አወጣ፤ ክፍሎቹን ቶርኖ ላይ አሠርቶ የራሱን ገጣጠመ። ከገጣሚው ቦሪስ ታይጊንና ከሌሎች ጓደኞቹ ጋር ሆነውም ሥራቸውን «ወርቃማው ውሻ» ብለው ሰየሙት።

መቅረጫ ፕላስቲክ ከየት ይምጣ? የራጅ ፊልም በቀላሉ ስለሚቀጣጠል ሆስፒታሎች አሮጌውን ማስወገድ ነበረባቸው። የራጅ ክፍል ሠራተኛ በትንሽ ገንዘብ ክምሩን ያስረክባል፤ ወጣቶቹ በመቀስ ክብ አድርገው ይቆርጡታል። ፊልሙ የማሽኑን መርፌ ለመቀበል በቂ ልስላሴ አለው። ማተሚያ የሚባል ነገር ስለሌለ የሦስት ደቂቃ ዘፈን አንዱን ቅጂ ለማውጣት ሦስት ደቂቃ ይፈጃል፤ አሥር ቅጂ የፈለገ ማሽኑ አጠገብ አሥር ጊዜ ቁጭ ማለት አለበት። ድምፁ አሸዋ የሚፈጭ ያህል ይንሿሿል። ሻጩ ሸክላውን እጅጌው ውስጥ ጠቅልሎ ጥግ ላይ ይቆማል፤ ገዢው ቤቱ ደርሶ እስኪሞክረው ድረስ የገዛውን አያውቅም። ጥቂት ከዘፈነ በኋላ በሩሲያኛ ስድብ የሚያወርድበት ሸክላ የደረሰውም አለ።

ብዙ ጊዜ ይህ ታሪክ የአሜሪካ ጃዝና ሮክ ታሪክ ተደርጎ ይወራል። ጃዙም ሮኩም መኖሩ እውነት ነው፤ ጠባብ ሱሪ የሚለብሱት ወጣቶች ያሳድዱት ነበር። እኔን የሚነካኝ ግን ሌላው ነው፤ በእነዚህ አጥንቶች ላይ በብዛት የተቀረጸው የራሳቸው የሩሲያውያን ድምፅ ነው። ፒዮትር ሌሽቼንኮ ኦዴሳ አካባቢ ተወልዶ ቡካሬስት የኖረ የታንጎ ዘፋኝ ነበር። ከአገር ውጭ ስለኖረ ሸክላው በሶቭየት ሱቅ አይሸጥም፤ በ1954 የሞተውም በሮማኒያ እስር ላይ እያለ ነው። አሌክሳንደር ቨርቲንስኪ ከረጅም ስደት በኋላ በ1943 አገሩ ገብቶ መድረክ ላይ ቢፈቀድለትም፣ ሸክላው ግን እንደልብ አልታተመለትም። ሰዉ በገዛ ቋንቋው የተዘፈነ የፍቅር ዘፈን ለመስማት የማያውቀውን በሽተኛ ደረት ይገዛ ነበር።

በ1950 ፖሊስ ቀራጮቹን ለቅሞ አሰረ። ቦጎስሎቭስኪ ሦስት፣ ታይጊን አምስት ዓመት ተፈረደባቸው። በ1953 ስታሊን ሲሞት በወጣው ምሕረት ተፈቱ፤ ቦጎስሎቭስኪ ከእስር እንደወጣ ተመልሶ ያንኑ ሥራ ያዘ፤ በኋላም በዚሁ ሥራ እንደገና ታስሯል።

የራጅ ሸክላን ገበያ የዘጋው እስሩ አልነበረም። በ1960ዎቹ ቴፕ ሪከርደር በየቤቱ ገባ። የገጣሚ ዘፋኞቹን የኦኩድዣቫንና የቪሶትስኪን ዘፈን ከጓደኛ ቴፕ ወደ ቴፕ መገልበጥ ሲቻል፣ ለሚንሿሿ አጥንት ገንዘብ የሚከፍል ጠፋ።

የግራሞፎን መርፌ ለስላሳውን ፊልም በየዙሩ ይፍቀዋል፤ ጥቂት ጊዜ ከተደመጠ በኋላ ድምፁ እየሳሳ ይጠፋል። ብዙ የተወደደ ሸክላ ዛሬ ቢያጫውቱት የሚሰማው ሹክሹክታ ብቻ ነው። ወደ መስኮት ሲያነሱት ግን ጎድኖቹ እንዳሉ ናቸው።