አፕዴቱ የት ቆመ?

ስሙኝማ። ዛሬ የማወራችሁ በሁለት እጅ ተይዛ ሶፋ ላይም አልጋ ላይም ስለምታጫውት ትንሽ ማሽን ነው። ወሬዬ ስለ ጨዋታዋ አይደለም፤ ጨዋታው ከመጀመሩ በፊት ስክሪኗ ላይ ብቅ ስለሚለው መስመር ነው። ከግራ ወደ ቀኝ እየሞላ ይሄዳል፣ ይሄዳል፣ መሃል ላይ ሲደርስ ቀጥ ይላል። ልጁ "ስታክ አደረገ!" ብሎ ይጮኻል። ታላቅየው ይመጣል፣ አባት ይመጣል፣ የሁሉም ጣት ወደ ማጥፊያው ይሮጣል። እኔ የምለው ግን ቆዩ ነው። ከመንካታችሁ በፊት አንድ ጥያቄ ጠይቁ፦ አፕዴቱ የት ነው የቆመው? መልሱ ሲለያይ መድኃኒቱም ይለያያልና።

ነገሩ ከየት እንደመጣ ከሥሩ ልጀምር። ዓመታቱን በአውሮፓ አቆጣጠር ነው የምነግራችሁ።

በ1989 ኤፕሪል 21 ቀን ጌም ቦይ ጃፓን ውስጥ ለገበያ ወጣች። ሠሪዋ የኪዮቶው ኒንቴንዶ ነው፤ ሥራውን ከመሩት አንዱ ጉንፔይ ዮኮይ ነበር። አራት የባትሪ ድንጋይ ጎርሳ ስትበራ መጀመሪያ የሚነሳው ፕሮግራም 256 ባይት ብቻ ነው። ያ ፕሮግራም የተሰካውን ካሴት ከፍቶ የኒንቴንዶን ምልክት ይፈልጋል፤ ካገኘ ሥራውን ለጨዋታው ያስረክባል፣ ካላገኘ ማሽኗን እዚያው ያቆማታል። ፋብሪካ ውስጥ ቺፑ ላይ የታተመ ነውና ማንም አይለውጠውም። ጌም ቦይ ላይ ስታክ የሚያደርግ አፕዴት ያልነበረው የሚመጣ አፕዴት ስላልነበረ ነው። ያ ሰላም ግን ዋጋ ነበረው። ስህተት ይዞ የወጣ ጨዋታ ስህተቱን ይዞ ይኖራል፤ በ1996 የወጡት የመጀመሪያዎቹ የፖኬሞን ጨዋታዎች ስህተቶች ዛሬም ካሴቶቹ ውስጥ እንዳሉ ናቸው።

ዓመታት አለፉ። በ2004 ዲሴምበር 12 ሶኒ ፒኤስፒን አወጣ። ይህቺኛዋ የምትተዳደርበትን ሶፍትዌር ተሰርዞ እንደገና ሊጻፍ በሚችል ፍላሽ ሜሞሪ ላይ ይዛ መጣች። በ2005 ቁጥር 2.0 የተባለው አፕዴት ሲደርስ፣ ትናንት ኢንተርኔት መክፈት የማትችለው ማሽን በማግስቱ ብሮውዘር ይዛ ተገኘች። አፕዴቱ በዋይፋይ ይመጣል፣ በሜሞሪ ስቲክ ይመጣል፣ ጨዋታው ባለበት ዲስክ ተጭኖም ይመጣል። በየትኛውም ቢመጣ ማሽኗ አስቀድማ "ቻርጀሩን ሰካልኝ" ትል ነበር። ለምን እንዲህ እንደምትል የሚገባን አፕዴቱ ከኩባንያው ሰርቨር ተነስቶ ማሽኗ ውስጥ እስኪያርፍ የሚያልፍበትን ስንከተል ነው። አምስት ቦታ ሊቆም ይችላል፤ ተራ በተራ እንሂድ።

የመጀመሪያው መንገዱ ላይ ነው። መስመሩ አይነቃነቅም፣ "የቀረው ጊዜ" የሚለው ቁጥር ከማነስ ይልቅ ይጨምራል። እዚህ ያለው ችግር የዋይፋዩ ነው። ኒንቴንዶ ስዊች ሴቲንግ ውስጥ የኢንተርኔት መፈተሻ አላት፤ ግንኙነቱ መኖሩንም ፍጥነቱንም ትነግራችኋለች። ወደ ራውተሩ ቀረብ በሉ፣ ራውተሩን አጥፍታችሁ አብሩት፣ በዚያው ዋይፋይ ቪዲዮ የሚያይ ካለ ለጊዜው ይቁም። የሶኒዋ ቪታ እና የኒንቴንዶዋ 3ዲኤስ የሚሰሙት 2.4 ጊጋኸርዝ ላይ የሚሠራ ዋይፋይ ብቻ ነው፤ ራውተሩ 5 ጊጋኸርዙን ብቻ ከሆነ የሚያሰራጨው ዋይፋዩ መኖሩንም አያውቁም። ከስልክ ሆትስፖት የምትጠቀሙ ደግሞ ፓኬጁ አለማለቁን፣ ስልኩም ኃይል ለመቆጠብ ሆትስፖቱን አለመዝጋቱን እዩ። እዚህ ቦታ ላይ ማቆምም፣ ማጥፋትም፣ እንደገና መጀመርም ጉዳት የለውም። የወረደው ገና የቆየውን ሶፍትዌር አልነካምና።

እዚሁ ላይ ዳታ በብር ለሚገዛ ሰው ሁሉ የምነግረው አንድ ነገር አለ። ስዊች ላይ የአንድ ጨዋታ አፕዴት ያለ ኢንተርኔት፣ አጠገብ ካለ ሌላ ስዊች ሊወሰድ ይችላል። የጨዋታውን ምልክት መርጣችሁ የፕላስ ቁልፏን ስትጫኑ በሚከፈተው ዝርዝር፣ ሶፍትዌር አፕዴት በሚለው ሥር፣ አጠገብ ካሉ ተጫዋቾች ጋር ቨርዥን የሚያስተካክል ምርጫ ታገኛላችሁ። አንዱ ጎረቤት አንዴ ካወረደ ሌላው አጠገቡ ተቀምጦ ይቀበላል። የሚያገለግለው ለጨዋታው አፕዴት ነው፤ ያም ቢሆን ስንት ሰዓት ያድናል!

ሁለተኛው መቆሚያ ማከማቻው ነው። በ2017 ማርች 3 የወጣችው የመጀመሪያዋ ስዊች 32 ጊጋባይት ማከማቻ ነበራት፤ ከዚያም ላይ ማሽኗ ለራሷ ትወስዳለች። አፕዴት የሚያርፍበት ቦታ ካጣ ይቆማል። ቦታ ለመልቀቅ ስትነሱ ግን ጨዋታን መሰረዝና እስካሁን የተጫወታችሁበትን መዝገብ መሰረዝ ለየቅል መሆናቸውን አትርሱ። ጨዋታው ተመልሶ ይወርዳል፤ መዝገቡ ግን ሌላ ቦታ ካልተቀመጠ አይመለስም። ስዊች ደግሞ መዝገቡን የምታስቀምጠው በውስጥ ማከማቻዋ እንጂ በሜሞሪ ካርዱ ላይ አይደለም።

ሜሞሪ ካርዱም ራሱ ተጠርጣሪ ነው። በየገበያው ላዩ ላይ 512 ጊጋባይት ተጽፎበት በውስጡ የዚያን ጥቂቱን ብቻ የያዘ አስመሳይ ካርድ ይሸጣል። እውነተኛው ቦታው እስኪሞላ ድረስ ደህና ይሠራል፤ ከዚያ በኋላ የሚጻፈው ሁሉ ይበላሻል፣ አፕዴቱም ይወድቃል። ፍተሻው ቀላል ነው፦ ማሽኗን ሙሉ በሙሉ አጥፉ፣ ካርዱን አውጡ፣ አፕዴቱን እንደገና ሞክሩ። ካለፈ ጥፋተኛው ካርዱ ነው።

የቆመ መስሎ ያልቆመም አለ። በ2022 የወጣችው ስቲም ዴክ የማውረጃ ገጿ ላይ የኢንተርኔቱንና የዲስኩን ሥራ ለየብቻ ታሳያለች። ኢንተርኔቱ ዜሮ ሆኖ ዲስኩ ሲሠራ ካያችሁ፣ የወረደውን ከነባሩ ጨዋታ ጋር እያዋሐደች ነው። ጨዋታው ሜሞሪ ካርድ ላይ ከሆነ ይህ ረጅም ጊዜ ይወስዳል። ስንቱ ሰው "ሞተች" ብሎ የሚያጠፋት በርትታ በምትሠራበት በዚህች ሰዓት ነው!

ሦስተኛው መቆሚያ ፍተሻው ነው። አፕዴቱ ወርዶ ካበቃ በኋላ ማሽኗ የሠሪውን ዲጂታል ፊርማ ታመሳክራለች። አንዲት ባይት ከተበላሸች ፊርማው አይገጥምም፤ ትጥለዋለች። መጣሏ ደግ ነው፤ ብልሹውን ብትቀበል ኖሮ ችግሩ የከፋ ይሆን ነበር። እንደገና አውርዱት፤ ጨዋታ ከሆነ ስዊች ላይ የተበላሸ ዳታ የሚፈትሽ ምርጫ አለ፣ ስቲም ዴክ ላይም የጨዋታውን ፋይሎች ማረጋገጫ አለ።

እኛን ሐበሾችን በተለይ የሚመለከት ምክንያትም አለ፤ ቀኑ። ከሰርቨር ጋር የሚደረገው ምስጢራዊ ግንኙነት የሚቆመው ከዚህ ቀን እስከዚህ ቀን ይሠራል በሚል ሰርተፍኬት ላይ ነው። ማሽኗን በእኛ አቆጣጠር የሞላት ሰው ሰባት ወይም ስምንት ዓመት ወደ ኋላ ወስዷታል። በእሷ ሰዓት ሰርተፍኬቱ ገና ሥራ አልጀመረም፤ ስለዚህ በሩን አልከፍትም ልትል ትችላለች። ዋይፋዩ ደህና፣ የማከማቻው ቦታም በቂ ሆኖ፣ ግን እንቢ ካለች ቀኑንና ዓመተ ምሕረቱን ተመልከቱ።

አራተኛው ጽሕፈቱ ነው። እዚህ ስንደርስ ድምፄን ከፍ አደርጋለሁ፦ አትንኩ! አሁን የሚጻፈው ማሽኗ ስትበራ መጀመሪያ የምታነበው ክፍል ሊሆን ይችላል። ግማሹ አዲስ፣ ግማሹ አሮጌ ሆኖ መብራት ከተቋረጠ፣ በማግስቱ ስትበራ የምታነበው ሙሉ ነገር የላትም። የፒኤስፒ "ቻርጀሩን ሰካልኝ" ማለት ለዚህ ነበር። መብራት በሚጠፋበት ሰፈር የምትኖሩ፣ ባትሪው ሙሉ መሆኑን ሳታረጋግጡ የሲስተም አፕዴት አትጀምሩ። ባትሪው ከሞላ መብራቱ ቢሄድም ጽሕፈቱ ይቀጥላል። መስመሩ ቢዘገይ ቻርጀር ላይ እንዳለች ተዉአትና ሌላ ሥራችሁን ሥሩ። ከረጅም ሰዓት በኋላም ንቅንቅ ካላለች ብቻ፣ ስዊች ከሆነች የማብሪያዋን ቁልፍ 12 ሰከንድና ከዚያ በላይ ተጭናችሁ አጥፉ። ይህ የመጨረሻው እንጂ የመጀመሪያው እርምጃ አይደለም።

ስቲም ዴክን የሠራው ቫልቭ ይህን ስጋት በብልሃት አልፎታል። ማሽኗ የሲስተሙን ሁለት ቅጂ ትይዛለች፤ አዲሱ የሚጻፈው በማትጠቀምበት ቅጂ ላይ ነው። ወንዝ ላይ አዲስ ድልድይ እስኪያልቅ ድረስ ሰው በአሮጌው እንደሚሻገረው ሁሉ፣ አዲሱ ተጽፎ ካላለቀ ማሽኗ በአሮጌው ትነሳለች። አዲሱ ከጠመመም ሦስት ነጥብ ያለበትን ቁልፍ ይዛችሁ ስታበሯት የቀድሞውን መምረጥ ትችላላችሁ።

አምስተኛው መቆሚያ መነሻው ነው። አፕዴቱ አልቋል ተብሎ ማሽኗ ስትነሳ ምልክቷ ላይ ቀጥ ትላለች። አሁንም አልሞተችም፤ ሠሪዎቹ የጓሮ በር ትተዋል። ስዊችን አጥፍታችሁ የድምፅ መጨመሪያና መቀነሻዋን አንድ ላይ እንደያዛችሁ ስታበሯት የጥገና ገጽ ይመጣል። 3ዲኤስ ላይ ኤል፣ አር፣ ኤ እና የላይኛውን ቀስት ይዛችሁ ታበራላችሁ። ቪታ ላይ አር፣ የፒኤስ ቁልፍና ማብሪያው አምስት ሰከንድ ይያዛሉ። ገጹ ሲከፈት ሁልጊዜ ከቀላሉ ጀምሩ። ስዊች ላይ መጀመሪያ አፕዴቱን እንደገና መሞከር፤ ያ እንቢ ካለ የጨዋታ መዝገቡን ሳይነካ ማሽኗን ወደ ፋብሪካ ይዞታዋ የሚመልሰው ምርጫ፤ ጨዋታዎቹን መልሶ ማውረድ ብቻ ነው ያለባችሁ። ሁሉን የሚጠርገው ሌላ መንገድ ሲጠፋ ነው። ተስፋ የቆረጠ ሰው ከታች የመጀመር ልማድ አለው፤ የልጁን የወራት ጨዋታ የሚያጠፋውም አፕዴቱ ሳይሆን ይህ ችኮላ ነው።

የጓሮው በር ሲጠፋ ምን እንደሚሆን ከፒኤስፒ ታሪክ አይተናል። አፕዴት የተቋረጠባቸው ብዙ ፒኤስፒዎች እንደ ሞቱ ተቆጥረው ተቀምጠው ነበር። በ2007 ከኩባንያው ውጭ ያሉ ፕሮግራም ጸሐፊዎች አንድ ምስጢር ደረሱበት፦ ማሽኗ ስትነሳ የባትሪውን መለያ ቁጥር ታነባለች፤ ቁጥሩ የጠጋኞች ባትሪ መሆኑን ከነገራት ከተበላሸው ፍላሽ ይልቅ ከሜሞሪ ስቲክ ትነሳለች። የፓንዶራ ባትሪ ተባለ። ሞቱ የተባሉት ተነሱ። ማሽኖቹ መዳን እየቻሉ መዳኛው በጠጋኝ ቤት ተቆልፎ ኖሯል። ኋላ በወጡት ሞዴሎች ያ መንገድ ተዘጋ።

እኔ ከዚህ የምወስደው ይህን ነው። ማሽን የሸጠልን ሁሉ መዳኛዋንም ከማሽኗ ጋር ሊሰጠን ይገባል፤ በግልጽ ተጽፎ፣ ያለ ጠጋኝ የሚሠራ። ግዴታው ሱቁ ሲዘጋ አያበቃም። ኒንቴንዶ የ3ዲኤስን መደብር በ2023 ማርች ዘጋ፣ በኢንተርኔት አብሮ መጫወቱም በ2024 ኤፕሪል ቆመ፤ ቀድሞ የተገዛውንና አፕዴቱን ማውረጃው ግን ወዲያው እንደማይዘጋ አስታውቆ ነበር። ትክክል ነው፤ ያ በር እንዲቆይ መጠየቅም የገዢው ፋንታ ነው።

የእኛም ፋንታ አለ። ከሲስተም አፕዴት በፊት ባትሪውን ሙሉት፣ የጨዋታ መዝገቡን የሚያስቀምጥ አገልግሎት ካላችሁ አስቀምጡ፣ አፕዴቱም ሳይቋረጥ የሚያልቅበት በቂ ሰዓት ስጡት። ልጆቻችሁንም የትኛው ቦታ ላይ እንደቆመ መለየት አስተምሯቸው። መንገዱ ላይ፣ ማከማቻው ላይ፣ ፍተሻው ላይ፣ ጽሕፈቱ ላይ ወይስ መነሻው ላይ ብሎ የሚጠይቅ ልጅ ማሽን ብቻ አያድንም፤ ነገ ስልክም፣ ኮምፒዩተርም፣ የሥራ ቦታ ሰርቨርም ፊቱ ሲቆም እጁን ከመስደዱ በፊት ያስባል።