ሲሶ፣ እርቦ፣ አስራት፦ የአውድማው ሂሳብ

ታህታቸው የተለያየ ድብልቅ ቁጥሮችን መደመር ብዙዎቻችን ከፈተና በኋላ የረሳነው ሂሳብ ነው። እስቲ ዛሬ ወደ ሰሜን ወሎ ወርደን፣ በወልዲያና በመርሳ መካከል ካለ አውድማ ላይ እንስራው።

በንጉሡ ዘመን የሰው መሬት የሚያርስ ጭሰኛ ለባለመሬቱ የሚከፍለው በክፍልፋይ ነበር። ሲሶ አራሽ አንድ ሦስተኛውን፣ እርቦ አራሽ ሩቡን፣ እኩል አራሽ ደግሞ ግማሹን ያስረክባል። በዚህ ላይ ለመንግሥት አስራት አለ። ሕጉ አስራትን ከባለመሬቱ ቢጠይቅም ብዙ ጊዜ ጫናው የሚወርደው ጭሰኛው ላይ ነበር።

አንድ የሀብሩ ጭሰኛ በምሳሌ እንውሰድ። ከአንዱ ማሳ 7 ዳውላ ማሽላ አገኘ፤ ሲሶው 2 1/3 ነው። ከሌላው 5 ዳውላ አገኘ፤ እርቦው 1 1/4 ነው። ከ12ቱ ዳውላ አስራቱ 1 1/5 ይሆናል። ሙሉ ቁጥሮቹ ሲደመሩ 4 ናቸው። ለክፍልፋዮቹ የጋራ ታህት እንፈልግ፤ 60 ነው። 20/60፣ 15/60 እና 12/60 ተደምረው 47/60። ጠቅላላው 4 47/60 ዳውላ፣ ከምርቱ መቶ እጅ 40 ገደማ ሄደ ማለት ነው። ለዘርም፣ ለዓመት ቀለብም የቀረው 7 13/60 ነው።

ልብ በሉ፣ እያንዳንዱ ለብቻው ሲጠራ ትንሽ ይመስላል። ክብደቱ የሚታየው ሲደመር ነው።

አውድማ ላይ ደግሞ በ60 የሚያካፍል የለም፤ መስፈሪያው ቁና ነው። ዳውላውን 20 ቁና ብንለው ሩቡ 5፣ አንድ አምስተኛው 4 ቁና ይሆናል። ሲሶው ግን 6 2/3 ነው፤ እኩል አይወጣም። ቁናው ተቆልሎ ይሰፈር ወይስ እስከ አፉ? ክርክሩ እዚህ ላይ ነው።

የካቲት 1957 ዓ.ም. ተማሪዎች «መሬት ለአራሹ» ብለው አዲስ አበባ ላይ ወጡ። በ1960 ዓ.ም. አስራት ቀርቶ በእርሻ ገቢ ግብር ተተካ። ከድምራችን 1 1/5 ተነሳ፤ የባለመሬቱ 3 7/12 ግን እንዳለ ቀረ።

ከዚያ የ1965 እና የ1966 ድርቅ መጣ። ምርቱ ወደ ሩብ ሲወርድ የባለመሬቱ ድርሻም አብሮ ይወርዳል፤ የቤተሰቡ አፍ ግን በክፍልፋይ አይቀንስም። ሕንዳዊው የምጣኔ ሀብት ምሁር አማርትያ ሴን በ1981 እ.ኤ.አ. ባሳተመው መጽሐፉ፣ በዚያ ረሃብ ወቅት በአገር ደረጃ የእህሉ መጠን ያን ያህል እንዳልቀነሰ፣ የወሎ ሰው ግን የሚበላውን ለማግኘት አቅም እንዳጣ አሳይቷል። ጎተራው ከክፍያ በኋላ ባዶ የሆነ ሰው በምን ይገዛል?

የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ የገጠር መሬትን የሕዝብ አድርጎ ጭሰኝነትን ሻረ። ክፍልፋዩ ግን ፈጽሞ አልጠፋም፤ ዛሬም በሬ ወይም ጉልበት ያጣ ሰው መሬቱን ለእኩል ይሰጣል።

ስለዚህ ወዳጆቻችን፣ ስለ ጭሰኛው ዘመን ስናወራ «ሲሶ ብቻ እኮ ነው» የሚል ካጋጠመን፣ የጋራ ታህት ፈልገን ሁሉንም እንደምርለት።