የተከለከለችው ፋቡላና የ1923 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት

በሐረር ግንብ በስተ ምዕራብ ያለውን በር ሐረሪዎች አስማዲን በሪ ይሉታል፤ የሸዋ መንገድ በዚያ ስለሚወጣ በአማርኛ ሸዋ በር ተብሏል። ምኒልክ በ1879 ዓ.ም. ከተማውን ከያዙ በኋላ አገረ ገዥ የሆኑት መኰንን ወልደ ሚካኤል በቤታቸው ካሳደጓቸው የሸዋ ልጆች አንዱ፥ ኋላ በጅሮንድ የተባሉት ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ናቸው። ከዐድዋ ዘመቻ ወዲያ ወደ መስኮብ አገር ሄደው የመድፈኛነት ትምህርት ተማሩ።

ወደ አገራቸው ተመልሰው ያዩት የመንግሥት ሥራ ደስ አላሰኛቸውም። ዳሩ ግን በግልጥ በመንቀፍ ፈንታ ፋቡላ፥ የአውሬዎች ኮሜድያ የምትባለውን የመጀመሪያዪቱን የአማርኛ ቴአትር ጽፈው አራዊትን አናገሩ። መኳንንቱ ሰምና ወርቅ ሲሰሙ ያደጉ ናቸውና ወርቁን ለማግኘት አልደከሙም። ንግሥት ዘውዲቱም ተቈጥተው ከለከሏት። ክልከላው ለሌላውም ቴአትር ሁሉ ተርፎ እስከ ንግሥቲቱ ዕረፍት፥ እስከ 1922 ዓ.ም. ቈየ። ጸሓፊው ግን ሹመት አልቀረባቸውም፤ ጨርጨርን ገዝተዋል፥ የገንዘብ ሚኒስትርም ሆነዋል።

ሐምሌ 9 ቀን 1923 ዓ.ም. የቆመውን ሕገ መንግሥት ያረቀቁት እኒሁ ሰው ናቸው። አብነቱ በ1881 ዓ.ም. የወጣው የዣፓን ሕገ መንግሥት ነበረ። ሁለቱን አስተያይቶ ላነበበ ከ22ኛው እስከ 27ኛው አንቀጽ ቍጥሩ ሳይቀር ይገጥማል፤ ያለ ሕግ ሰው እንዳይያዝ፥ ቤቱ እንዳይበረበር፥ ደብዳቤው እንዳይመረመር፥ ርስቱ እንዳይነካ ይላል። የዣፓኑ 28ኛ ስለ ሃይማኖት፥ 29ኛው ስለ መናገር፥ ስለ መጻፍና ስለ ማሳተም ነጻነት፥ 30ኛው ስለ አቤቱታ ነው። በኢትዮጵያው 28ኛው አቤቱታ ሆነ፤ በመካከል ያሉት ሁለቱ ቀርተዋል።

ረቂቁ በመኳንንት ጉባኤ ተመርምሯልና ጉድለቱን ለአንድ ሰው ማሸከም አይገባም። ነገር ግን ለንጉሥ አቤት ማለት ሕገ መንግሥት ሳይጻፍም ነበረ። አቤት ባይ የራሱን በደል ለንጉሥ ይነግራል፤ ፋቡላ ግን የመንግሥትን ጉድለት በሕዝብ ፊት የተናገረች ናት፤ ለእርስዋ የሚሆን አንቀጽ አልተጻፈም።

የመናገርና የማሳተም ነጻነት የገባው በ1948 ዓ.ም. በተሻሻለው ሕገ መንግሥት፥ በ41ኛው አንቀጽ ነው፤ እርሱም እንደ ዣፓኑ ሁሉ በሕግ መሠረት በሚል ቃል ተወስኖ ነበር። ፋቡላ ከተከለከለች ያን ጊዜ ከ25 ዓመት ይበልጥ ነበረ።