ከወሎ እስከ አሶሳ፤ የሰፈራ ታሪክና የመሐንዲሱ ድርሻ

የሰው ልጅ ከተወለደበት ቀዬ ተነቅሎ በማያውቀው ምድር ኑሮውን እንደ አዲስ መመሥረቱ የቆየ ታሪክ ነው። በሀገራችን የዚህ ታሪክ አንዱ ምዕራፍ የተፈጸመው በምዕራቡ ጠረፍ፣ ዛሬ የቤኒሻንጉል ጉሙዝ ክልል በሚባለው ምድር፣ በአሶሳ ዙሪያና በበለስ ሸለቆ ነው። ጉዳዩን ለሙያ ባልደረቦቼ ማንሣቴ ያለ ምክንያት አይደለም፤ መንደሮቹን የቀየሰው፣ መንገዱን የጠረገውና ውኃውን የሳበው የእኛው ሙያ ነውና።

በ1972 ዓ.ም. ገደማ በድርቅ የተጎዱ የወሎ ገበሬዎች በአሶሳ ዙሪያ እንዲሰፍሩ ተደረገ። የ1977 ዓ.ም. ረሀብ በደረሰ ጊዜም መንግሥት 1.5 ሚሊዮን ሕዝብ ወደ ምዕራብና ደቡብ ምዕራብ ለማዛወር አቀደ፤ እስከ 1978 ዓ.ም. ድረስ 600 ሺህ ያህል ሰው ተጓጓዘ። ከእነዚህ መካከል ወዶ የሄደ እንዳለ ሁሉ ሳይወድ የተጫነ፣ ከቤተሰቡም የተለያየ ነበር። በመተከል በበለስ ሸለቆ ብቻ ከወሎ፣ ከከምባታ፣ ከሐዲያና ከሌላም ስፍራ የመጣ 80 ሺህ ያህል ሕዝብ ሰፈረ።

መንደሮቹ የተጠሩት በቁጥር ነው፤ በአሶሳ «አምባ»፣ በፓዊ «መንደር» እየተባሉ። ቁጥሩ ከቀያሹ ካርታ ወጥቶ የሰው መታወቂያ ሆነ፤ ዛሬም አንዱ የአምባ 14፣ ሌላው የመንደር 7 ሰው ይባላል።

ሰፋሪው ደገኛ የለመደው በሬ ጠምዶ ማረስ ነበር። ሆኖም በበለስ ቆላ በሬውን ገንዲ፣ ሰውን ወባ፣ ማሽላውን አቀንጭራ ፈጀው። በመሆኑም ዕቅዱ በትራክተር ላይ ተመሠረተ። በ1978 ዓ.ም. በኢጣሊያ መንግሥት ርዳታ በተጀመረው የጣና በለስ ፕሮጀክት፣ የሳሊኒ ኩባንያ መንገድ፣ የአውሮፕላን ማረፊያ፣ ሆስፒታልና የውኃ መስመር ሠራ። በ1983 ዓ.ም. መንግሥት ሲለወጥ ግን ርዳታው ተቋረጠ፤ ትራክተሮቹ ቆሙ፤ ብዙ ሰፋሪም ወደ መጣበት ተመለሰ።

ከዚህ ሁሉ የከፋው ስሕተት ግን ከመኪናው ሳይሆን ከካርታው ላይ ነበር። ካርታው ሸለቆውን «ጠፍ መሬት» ብሎ አሳየ። የጉሙዝ ገበሬ ግን መሬቱን አርሶ፣ ለዓመታት አሳርፎ፣ እንደገና የሚመለስበት ነው፤ ያረፈው መሬትም ማር የሚቆርጥበትና የሚያድንበት ነው። ያረፈውን መሬት ባለቤት እንደሌለው የቆጠረ ቅየሳ ሁለት ችግረኛ ሕዝቦችን አጋጨ። በ1980ዎቹ የተነሣው ግጭት ሥሩ በአብዛኛው ይኸው ነበር።

ከመሬቱ ጥያቄ ቀጥሎ የመብት ጥያቄ መጣ። የክልሉ ሕገ መንግሥት በክልሉ የሚኖሩትን ሌሎች ሕዝቦች ቢያውቅም ባለቤቶች የሚላቸው በርታን፣ ጉሙዝን፣ ሺናሻን፣ ማኦንና ኮሞን ነው። በ1992 ዓ.ም. ምርጫ የአካባቢውን ብሔረሰብ ቋንቋ አያውቁም የተባሉ ዕጩዎች ከውድድር ታገዱ። እነርሱም አቤት አሉ፤ የፌዴሬሽን ምክር ቤት በ1995 ዓ.ም. የክልሉን የሥራ ቋንቋ፣ ማለትም አማርኛን፣ ማወቅ እንደሚበቃ ወሰነ። ውሳኔው ታላቅ ቢሆንም ጥርጣሬውን ከሥሩ አልነቀለውም፤ በ2013 ዓ.ም. በመተከል ያለቁት ሰላማውያን ሰዎች ለዚህ ምስክር ናቸው።

ዛሬ በዚሁ አካባቢ ሙያችን ታላላቅ ሥራዎችን አቁሟል። ከ2002 ዓ.ም. ጀምሮ የጣና ውኃ 460 ሜጋ ዋት እያመነጨ ወደ በለስ ይወርዳል፤ በጉባ የታላቁ የኅዳሴ ግድብ በ2017 ዓ.ም. ማብቂያ ተመርቋል። ለግድቡ ሐይቅ ሲባል የጉሙዝ ቤተሰቦችም በተራቸው ከቀያቸው ተነሥተዋል። ትናንት የተቀባይ ወገን የነበረው ዛሬ ራሱ ሰፋሪ ሆኗል ማለት ነው።

እንግዲህ የበለስ ትምህርት ግልጽ ነው። የአፈሩን ጥልቀትና የውኃውን መጠን መለካት የሥራችን ግማሽ ነው። ቀሪው ግማሽ መሬቱ ያረፈ ይሁን ባለቤት ያጣ፣ የሚያውቀውን ሰው ሄዶ መጠየቅ ነው።